«ልከላከል» ብሎ ፈቃድ መለመን

በድሮ ፎቶግራፎች አይተናቸዋል፤ አበዳሪና ተበዳሪ በአንድ ሰንሰለት ተቆራኝተው። ቁራኛ ይሉታል። ዕዳው እስኪከፈል ወይም ዋስ እስኪጠራ አብረው ይውላሉ፣ አብረው ያድራሉ። ጭካኔ ነው፤ ግን ነገሩ ሲዘገይ ሁለቱም ይጎዱ ነበር። ዛሬ የሚታሰረው ደጅ የሚጠናው አበዳሪ ብቻ ነው።

በ1958 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ለዚህ መላ አበጅቶ ነበር። ከአንቀጽ 284 ጀምሮ «አጭር ሥነ ሥርዓት» የሚባል መንገድ አለ። ልኩ የታወቀ ገንዘብ የሚጠይቅ፣ ቼክ ወይም የብድር ውል የያዘ ከሳሽ በዚያ ይገባል። ተከሳሹ እንደ ወትሮው መልሱን ይዞ አይቀርብም። መጀመሪያ በመሐላ አረጋግጦ «ልከላከል ይፈቀድልኝ» ይላል። ዝም ካለ ይፈረድበታል።

ሀሳቡ የመጣው ከሩቅ ነው። እንግሊዞች እ.ኤ.አ. በ1855 ባወጡት ሕግ፣ በሐዋላና በተስፋ ሰነድ የተከሰሰ ሰው በ12 ቀን ውስጥ የዳኛ ፈቃድ እንዲያገኝ አዘዙ። መከላከያ ሳይኖራቸው ቀን ለመግፋት ብቻ የሚከራከሩ ባለዕዳዎች ነጋዴውን አስመርረውት ነበርና። ህንድ በ1908 ሕጓ፣ በትእዛዝ 37 ሥር አስገባችው። የእኛ ሕግ አርቃቂዎች ደግሞ ከህንዱ ብዙ ቀዱ። የ1952ቱን የንግድ ሕግ ያረቀቁት ፈረንሳውያን ነበሩ፤ ስለዚህ ቼካችን ከፓሪስ፣ ማስከፈያው ከለንደን በህንድ ዞሮ መጣልን!

ፈቃዱ ታዲያ ለማን ይሰጥ? የእንግሊዝ የጌቶች ምክር ቤት በ1901 ለክርክር የሚበቃ ጭብጥ ያለው ሰው በሩ አይዘጋበትም አለ። ልክ ነው እንላለን። ፊርማው ተመሳስሎበት፣ ወይም ከፍሎ ሰነዱን ሳይቀበል ቀርቶ የሚከሰስ ሰው አለ። ያለ ክርክር ቤቱ አይሸጥበትም።

ችግሩ ሌላ ቦታ ነው። ህንድ በ1976 ክርክርን ለማፋጠን ሕጓን አሻሻለች። በፊት ተከሳሹ መጥሪያ ሲደርሰው በቀጥታ ፈቃድ ይጠይቅ ነበር። ከዚያ ወዲህ በ10 ቀን መቅረቡን ያስታውቃል፤ ከሳሹ ሌላ መጥሪያ ይልክለታል፤ ከዚያ ፈቃድ ለመጠየቅ ሌላ 10 ቀን አለው። አጭሩ መንገድ በማፋጠኛው ረዘመ።

እኛም ዘንድ የፈቃዱ አቤቱታ ራሱን የቻለ ሙግት ይሆናል። መጥሪያ አልደረሰኝም፣ ይነሳልኝ፣ መልስ ይሰጥበት፣ ለብይን ተቀጠረ። ፈቃዱ ከተሰጠ በኋላ ደግሞ መዝገቡ መደበኛ ክርክር ይሆንና ከሌላው መዝገብ ኋላ ይሰለፋል። ሕጉ ግን ዳኛው በነጻ ብቻ ሳይሆን ዋስትና አስይዞም እንዲፈቅድ ሥልጣን ሰጥቶታል። መከላከያው የሚያጠራጥር ተከሳሽ ገንዘቡን አስይዞ ቢከራከር ቀጠሮ ማራዘሙ ምን ይጠቅመዋል? ይህ ሥልጣን በድፍረት ሊሠራበት ይገባል።

መንግሥትም መዘግየቱን አላጣውም። በአዋጅ ቁጥር 97/1990 ባንኮች ለተበዳሪው የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ሰጥተው፣ ፍርድ ቤት ሳይሄዱ መያዣውን በሐራጅ እንዲሸጡ ፈቀደላቸው። ባንኩ ከሰልፉ ወጣ። በዱቤ እህል ሸጦ ስንቅ የሌለው ቼክ የተቀበለው ነጋዴ ግን ዛሬም የመዝገብ ቁጥሩን ይዞ ችሎት በር ላይ ስሙ እስኪጠራ ይጠብቃል።