የጢያን ሰይፎች ማን ቀረጻቸው?

ከልደታ የተነሣ ሚኒባስ በጦር ኃይሎችና በአየር ጤና አድርጎ ዓለም ገና ሲደርስ ወደ ግራ ይታጠፍና የቡታጅራን መንገድ ይይዛል። ከዚያ ወዲያ ያለው መንገድ ታሪክ ለሚወድ ሰው ድግስ ነው። ከአዲስ አበባ 90 ኪሎ ሜትር ገደማ ሳይርቁ፣ ጠዋት ወጥቶ ለእራት ቤት በሚያደርስ ጉዞ፣ የመልካ ቁንጡሬን የድንጋይ መሣሪያዎች፣ ከአለት ተፈልፍላ የወጣችውን አዳዲ ማርያምንና የጢያን ትክል ድንጋዮች ማየት ይቻላል።

በዚህ ጉዞ ከመኪናው የሚወርድ ሰው ሁሉ መጀመሪያ የሚጠይቀው «ይሄን ማን ሠራው?» ብሎ ነው። መልሱ ደግሞ ሁልጊዜ ተዘጋጅቶ ይጠብቃል። አዳዲ ላይ «ቅዱስ ላሊበላ» ትባላላችሁ። ጢያ ላይ «የግራኝ ድንጋይ» የሚል ስም ትሰማላችሁ። አንዱ ንጉሥ፣ ሌላው ኢማም፤ ሁለቱም ስማቸውን ሕፃን የሚያውቃቸው ሰዎች ናቸው። ታዲያ እነዚህ ስሞች ከድንጋዩ ነው የመጡት ወይስ ከእኛ? (ከዚህ በታች ያሉት ዓመቶች በሙሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።)

ወደ ድንጋዮቹ ከመድረሳችን በፊት ትንሽ ራቅ እንበል። ካምቦዲያ ውስጥ ሲየም ሪፕ ከምትባል ከተማ ጎብኚዎች ልክ እንደዚሁ በማለዳ በሚኒባስ ይነሡና ጫካ ውስጥ ወዳሉ የጥንት ክመር ቤተ መቅደሶች ይሄዳሉ፤ አንኮር ዋት ቅርብ ነው፣ ኮ ኬር ግን ሩቅ ነው። ፈረንሳዊው ተጓዥ ሄንሪ ሙኦ በ1860 አንኮርን ባየ ጊዜ የአካባቢውን ሰዎች ማን እንደሠራው ጠይቆ ነበር። ካገኛቸው መልሶች አንዱ የግዙፎች ሥራ ነው የሚል፣ ሌላው ደግሞ ራሱን በራሱ ሠራ የሚል ነበር። ቦታው እኮ ጨርሶ የተተወ አልነበረም፤ አንኮር ዋት ውስጥ የቡድሃ መነኮሳት ይኖሩ ነበር። ሕንፃው በሰው እጅ እንዳለ፣ የሠሪው ስም ግን ከሰው አፍ ጠፍቶ ነበር።

ክመሮች ግን በድንጋይ ላይ ይጽፉ ነበርና ዕድለኞች ናቸው። ተመራማሪዎች በሳንስክሪትና በጥንታዊ ክመር የተቀረጹትን ጽሑፎች አንድ በአንድ ሲያነቡ ነገሥታቱ ከነዘመናቸው ወጡ። ኮ ኬርን መናገሻው ያደረገው አራተኛው ጃያቫርማን ከ928 እስከ 941 እንደነገሠ ታወቀ። ታ ፕሮም በተባለው ቤተ መቅደስ የተገኘው የ1186 ጽሑፍማ ጭራሽ የሂሳብ መዝገብ ነው ማለት ይቻላል፤ በዚያ ቤተ መቅደስ 615 ዳንሰኞች እንደነበሩ ሳይቀር ቆጥሮ ይነግረናል። እኛም ዘንድ አክሱም ላይ ተመሳሳይ ነገር አለ። ንጉሥ ዔዛና ዘመቻውን በግዕዝ፣ በሳባ ፊደልና በግሪክ አስቀርጾ ስለተወልን ማን እንደሆነ አንከራከርም።

አዳዲና ጢያ ላይ ግን እንዲህ ያለ ጽሑፍ የለም። ድንጋይ ዝም ሲል ደግሞ ሰው ይናገርለታል።

መልካ ቁንጡሬን በአጭሩ እንለፈው፤ ራሱን የቻለ ጽሑፍ ይገባዋልና። አዋሽን ስትሻገሩ ያለው ይህ ቦታ በ1963 ጌሪት ዴከር በተባለ ሆላንዳዊ የውኃ ባለሙያ ተገኘ፤ ከዚያ ፈረንሳዊው ዣን ሻቫዮን ለብዙ ዓመታት ቆፈረው። ከ2024 ጀምሮ በአቅራቢያው ካለው ባልጪት ጋር የዓለም ቅርስ ነው። የባልጪትን ስም አስተውሉ፤ ጥቁሩን እንደ ብርጭቆ የሚቆርጥ የእሳተ ገሞራ ድንጋይ ባልጩት እንለው የለ? የጥንት ሰዎች መሣሪያቸውን የጠረቡት ከእሱ ነው። እዚህ ማንም ሰው የንጉሥ ስም አይጠራም። ሁለት ሚሊዮን ዓመት ገደማ ወደኋላ ሲኬድ የሚታወስ ጀግና የለማ!

አዳዲ ማርያም ሌላ ነገር ናት። ከዋናው አስፋልት ወደ ምዕራብ ተገንጥላችሁ ስትደርሱ መጀመሪያ ምንም ሕንፃ አይታይም። ቤተ ክርስቲያኗ ከመሬት በታች ናት። ዙሪያዋን አለቱ እንደ ቦይ ተቆፍሮ መሐል የቀረው ድንጋይ ውስጡ ተፈልፍሎ ቤት ሆኗል። ጫማ ወልቆ፣ ነጠላ ተለብሶ ሲገባ ውስጡ ጨለምለም ያለ ነው፤ ግድግዳው ላይ የመጥረቢያው ምልክት በእጅ ይዳሰሳል። ደግሞም ሙዚየም አይደለችም፤ ወር በገባ በ21 ምዕመናኑ የሚሰበሰቡባት ቤተ ክርስቲያን ናት። ልደታም ስሟን ያገኘችው ከማርያም የልደት በዓል ነውና የሠፈራችን ልጅ እዚህ ሲመጣ ባዕድነት አይሰማውም።

ቅዱስ ላሊበላ ሠራት የሚለው ትውፊት ከየት እንደመጣ ለመገመት አይከብድም። አሠራሯ ከላሊበላዎቹ ጋር አንድ ዓይነት ነው። የታሪክ ሰዎችም በግምት በ12ኛው ወይም በ13ኛው ክፍለ ዘመን ያስቀምጧታል። ችግሩ ርቀቱ ነው። ከላሊበላ ከተማ አዳዲ ድረስ በቀጥታ መስመር እንኳ ከ350 ኪሎ ሜትር በላይ ነው፤ መኪና በሌለበት ዘመን ይህ የሳምንታት መንገድ ነው። የዛጉዌ ንጉሥ እዚህ ድረስ ደርሶ አለት አስፈለፈለ ወይስ ሙያውን የሚያውቁ መነኮሳትና ጠራቢዎች ይዘውት ወረዱ? ለእኔ ሁለተኛው ይቀለኛል፤ ሙያ ከሠራዊት ይልቅ በቀላሉ ይጓዛል። ይሁን እንጂ ይህ ግምት ነው።

በግምት የቀረንበት ደግሞ ደንበኛ ምክንያት አለው። ድንጋይ ደርድሮ ቤት የሚሠራ ሰው ዱካ ይተዋል፦ በግንቡ መሐል የገባ እንጨት፣ በጭቃው ውስጥ የቀረ ጭድ፣ ከመሠረቱ ሥር የወደቀ ገል። እነዚህ ዕድሜያቸው ይለካል። ከአለት ፈልፍሎ የሚሠራ ሰው ግን ምንም አይጨምርም፤ ሥራው ሁሉ መቀነስ ነው። የጠረበውን ፍርስራሽ ተሸክሞ ያወጣና ይደፋዋል፣ ወለሉንም ይጠርገዋል። ስለዚህ ከአለት የተፈለፈለ ቤተ ክርስቲያን ዕድሜን መናገር ለባለሙያ ከባዱ ፈተና ነው። ላሊበላ ላይ ራሱ አንዳንድ ተመራማሪዎች ሕንፃዎቹ በአንድ ንጉሥ ዘመን ብቻ ሳይሆን በተለያየ ጊዜ፣ ደረጃ በደረጃ እንደተፈለፈሉ ይከራከራሉ።

አሁን ጢያ እንድረስ። ቦታው የሶዶ ጉራጌ አገር ነው። በአጥር የተከበበ ሜዳ ላይ 36 ድንጋዮች አሉ፤ ከእነሱ 32ቱ ምስል ተቀርጾባቸዋል። ዩኔስኮ በ1980 የዓለም ቅርስ ብሎ መዘገባቸው። አንዳንዶቹ ከሰው ወገብ ብዙም አያልፉም፣ አንዳንዶቹ ሰው ቀና ብሎ የሚያያቸው ናቸው። ዓይን መጀመሪያ የሚያርፈው ሰይፎቹ ላይ ነው። አንዱ ድንጋይ ላይ ጥቂት፣ ሌላው ላይ ብዙ፤ ጎን ለጎን የተደረደሩ ሰይፎች። ከሰይፎቹ ጋር ክብ ምልክቶች፣ የተጠላለፉ መስመሮችና ቅጠል የመሰለ ነገር አለ። ቅጠሉን አንዱ እንሰት ነው ይላል፤ ሌላው ደግሞ የለም፣ ያ ሲተኙ አንገት የሚያሳርፉበት የእንጨት ትራስ ነው ይላል።

እንግዲህ አንድ ገበሬ ከአምስት መቶ ዓመት በፊት ይህንን ሲያይ ምን ያስብ ነበር? ሰይፍ አለ፣ ስለዚህ ጦረኛ አለ። የሚያውቀው ትልቁ ጦረኛ ማነው? በ1529 ሽምብራ ኩሬ ላይ የአፄ ልብነ ድንግልን ጦር የሰበረው፣ በ1543 እስኪሞት ድረስ አገሩን ያንቀጠቀጠው ኢማም አሕመድ ኢብን ኢብራሂም፣ ግራኝ ነዋ! ስሙ ድንጋዩ ላይ ተለጠፈ፣ ቀረም። ይህንን እንደ አላዋቂነት ማየት ስህተት ይመስለኛል። ሰውየው የሚታየውን ማስረጃ ከሚያውቀው ታሪክ ጋር አገናኝቷል፤ እኛም ዛሬ የምናደርገው ይህንኑ ነው። ልዩነቱ እሱ ከመሬት በላይ ያለውን ብቻ ማየቱ ነው።

ከመሬት በታች ያለውን ያየነው ዘግይቶ ነው። በ1920ዎቹ ፈረንሳዊው ካህን አባ አዛኢስ በደቡቡ አገር እየዞሩ እንዲህ ያሉትን ድንጋዮች መዘገቡ። ጢያ በደንብ የተቆፈረው ግን በ1980ዎቹ፣ በሮዠ ዡሶም በተመራ ቡድን ነው። ድንጋዮቹ ሥር የተገኙት መቃብሮች ናቸው። ሟቾቹ እግራቸውን አጥፈው፣ በእናት ማኅፀን እንዳለ ሕፃን ተጠቅልለው የተቀበሩ ናቸው። አስጎብኚዎቹ አብዛኞቹ ከ18 እስከ 30 ዓመት የሆናቸው ወጣቶች እንደነበሩ ይነግሯችኋል። ይህንን ያነበባችሁ ብዙዎቻችሁ ዕድሜያችሁ እዚያው ውስጥ ነው።

ዕድሜያቸው እንዴት ታወቀ? ድንጋዩን መለካት ዋጋ የለውም፤ ድንጋዩ ከሰው ዘር በፊት የነበረ ነው። የሚለካው አጥንቱና ከሰሉ ነው። ሕይወት ያለው ነገር ሁሉ በሚተነፍሰውና በሚበላው ካርቦን 14 የሚባል ያልረጋ አቶም ይወስዳል። ሲሞት መውሰዱ ይቆማል፣ የያዘው ደግሞ በየ5730 ዓመቱ በግማሽ ይቀንሳል። የቀረውን ለክቶ ከሞተ ስንት ጊዜ እንደሆነው ማስላት ይቻላል። በዚህ መንገድ የጢያ መቃብሮች በግምት ከ12ኛው እስከ 14ኛው ክፍለ ዘመን ባለው ጊዜ ውስጥ ወደቁ። ግራኝ የተወለደው በ16ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ ላይ ነው። የመጨረሻውን ዘመን እንኳ ብንወስድ ሟቾቹ ከእሱ መወለድ መቶ ዓመት ቀድመው አፈር ለብሰዋል። ስለዚህ ሰይፎቹ የእሱ አይደሉም።

የማን ናቸው ታዲያ? የሕዝቡን ስም በእርግጠኝነት የሚሰጠን ማስረጃ የለም። ዘመኑን ግን አሁን እናውቀዋለን፤ ላሊበላ ውስጥ አለት ሲፈለፈል፣ አንኮር ውስጥ እነዚያ ዳንሰኞች ሲቆጠሩ፣ እዚህ ሶዶ ላይ ሌላ ሕዝብ ወጣቶቹን እየቀበረ ድንጋይ ያቆም ነበር። ጸሐፊ አልነበረውም፣ ግን ለእያንዳንዱ ሟች የተለየ ድንጋይ ጠርቦ ምልክት ለመቅረጽ አቅምም ሙያም ነበረው። የሰይፎቹ ብዛት ሟቹ የገደላቸውን ጠላቶች ቁጥር ያሳያል የሚሉ አሉ። ሊሆን ይችላል። ሆኖም የግራኝን ስም አንሥተን ሳንጨርስ ሌላ ያልተረጋገጠ ታሪክ በቦታው መትከል አያስኬድም። የንጉሥና የኢማም ስም በሰጠናቸው ቁጥር የምንነጥቀው እኮ እነዚህን ስም የለሽ ጠራቢዎች ነው።

ዘመኑም ቢሆን ለሁሉም ድንጋይ አይሠራም። ወደ ደቡብ ርቆ ጌዴኦ ውስጥ በሺዎች የሚቆጠሩ ትክል ድንጋዮች አሉ፤ የጌዴኦ ባህላዊ መልክዓ ምድር በ2023 የዓለም ቅርስ ሆኗል። እነሱም የአንድ ሺህ ዓመት ዕድሜ ያላቸው ይመስሉ ነበር። በ2021 ግን አሸናፊ ዜናና ባልደረቦቹ ሳካሮ ሶዶ ከሚባለው ቦታ የተገኘ ከሰል አስለክተው ባሳተሙት ጥናት ድንጋዮቹ እስከ መጀመሪያው ክፍለ ዘመን ድረስ ወደኋላ ሄዱ። አንድ ሺህ ዓመት በአንድ ጊዜ! ይህን ያመጣው ድንጋዩ ሳይሆን ከሥሩ የተገኘ ጥቁር ፍርፋሪ ነው።

ለዚህ ነው የወደቀ ትክል ድንጋይ አንሥቶ ለአጥር ወይም ለግቢ ጌጥ መውሰድ ከሚመስለው በላይ ጉዳት ያለው። ድንጋዩ ራሱ ላይሰበር ይችላል። ዕድሜውን የሚናገረው ግን የቆመበት ጉድጓድ፣ ከጎኑ ያለው ከሰልና ከሥሩ የተኛው ሰው ነው፤ ከእነሱ ከተለየ በኋላ ሰይፉ የቱንም ያህል ጥርት ብሎ ቢታይ የዘመን ስሌት አይገኝለትም።

በሶዶ አካባቢ እስካሁን ወደ 160 የሚጠጉ እንዲህ ያሉ ጥንታዊ ቦታዎች ተመዝግበዋል፤ ጢያ ከእነሱ አንዱ ነው። ስትሄዱ አስጎብኚውን ስለ ሰይፎቹ ከጠየቃችሁ በኋላ ምንም ያልተቀረጸባቸውን አራቱን ድንጋዮችም እንዲያሳያችሁ ጠይቁት። ብዙ ሰው ፎቶ ሳያነሣቸው ያልፋል።