አራዳ

«አራዳ» አስቀድሞ የቦታ ስም ነበር፤ በቅዱስ ጊዮርጊስ ቤተ ክርስቲያን አካባቢ ይቆም የነበረው የአዲስ አበባ ዋና ገበያ መጠሪያ ነው። ነጋዴው፣ ደላላው፣ ወሬ አቀባዩ፣ ከየአገሩ የመጣው እንግዳ ሁሉ እዚያ ይገናኝ ስለነበር በግርግሩ ያደገ ልጅ ዐይኑ ቶሎ ይገለጣል፤ በዋጋም በወሬም በቀላሉ አይታለልም። «የአራዳ ልጅ» መባል የመጣው ከዚህ ነው።

በጣልያን ወረራ ጊዜ ገበያው ወደ ምዕራብ፣ ወደ መርካቶ ሲዛወር የቀድሞው የአራዳ ሰፈር ፒያሳ ተባለ። ቃሉ ግን ከቦታው ተላቀቀ። ከጊዜ በኋላ የከተማው ወጣቶች የትም ሰፈር ይወለድ፣ ነቃ ያለውን ሁሉ «አራዳ» ይሉት ነበር፤ ተቃራኒው «ፋራ» ነው። አገባቡ ሁለት ፊት አለው፦ ሲያመሰግን ቅልጥፍናን፣ ደግነትንና ሰው አክባሪነትን፣ ሲወቅስ ብልጣብልጥነትን ያመለክታል። የሚበልጠው ምስጋናው ነው።