ገጣሚውና መርማሪው፦ የጆንግ ቾል ሕይወትና ሥራ

ጋንግዎን የተባለው የኮሪያ ክፍለ ሀገር ለኢትዮጵያውያን ፈጽሞ እንግዳ አይደለም። ከ1951 ጀምሮ የቃኘው ሻለቃ ወታደሮች የተዋጉት በዚያው አካባቢ ተራሮች ላይ ሲሆን፣ መታሰቢያቸውም የክፍለ ሀገሩ ዋና ከተማ በሆነችው በቹንቾን ቆሟል። በ1580 ይህንኑ ክፍለ ሀገር በአገረ ገዥነት እንዲያስተዳድር የተሾመ አንድ ሰው ነበር። ስሙ ጆንግ ቾል ነው፤ የብዕር ስሙ ሶንጋንግ ሲሆን ትርጓሜውም «የጥድ ወንዝ» ማለት ነው። በሥነ ጽሑፍ ታሪክ ውስጥ ስሙ በክብር ይነሣል፤ በፍርድ ታሪክ ውስጥ ግን እንዲህ አይደለም። ሁለቱን ገጽታዎች አጣምሮ መመልከት፣ በብዕራችን በሰው ዕድል ላይ ለምንወስን ባለሙያዎች የሚጠቅም ይመስለናል። ከዚህ በታች የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ጆንግ ቾል በ1536 በሴኡል ተወለደ። እኅቱ የአልጋ ወራሹ እቁባት ስለ ነበረች፣ በልጅነቱ ወደ ቤተ መንግሥት እየገባ በኋላ ከነገሠው ከምዮንግጆንግ ጋር ይጫወት ነበር። ይሁን እንጂ በ1545 በቤተ መንግሥት በተነሣው ሽኩቻ ቤተሰቡ ወደቀ፤ አባቱ ተጋዘ፣ ታላቅ ወንድሙም ሕይወቱን አጣ። አባቱ በ1551 ከግዞት ሲለቀቅ ቤተሰቡ በደቡብ፣ በጆላ ክፍለ ሀገር፣ ቻንግፕዮንግ በተባለ ስፍራ ሰፈረ። ወጣቱም በዚያ ከታወቁ መምህራን ዘንድ ተምሮ፣ በ1562 የመንግሥቱን የሹመት ፈተና በአንደኛነት አለፈ።

በዚያ ዘመን የኮሪያ ሊቃውንት የሚጽፉት በቻይና ፊደልና ቋንቋ ነበር። ንጉሥ ሴጆንግ ለአገሩ ቋንቋ የሚስማማ ፊደል በ1446 ቢያውጅም፣ ብዙዎቹ ሊቃውንት የሴቶችና የተራ ሰው ጽሕፈት ነው በማለት ይንቁት ነበር። ግዕዝ የመጻሕፍት ቋንቋ በነበረበት ዘመን አማርኛ በነገሥታት የውዳሴ ግጥም ውስጥ ብቅ ይል እንደ ነበር ለሚያስታውስ አንባቢ፣ ነገሩ ሩቅ አይሆንበትም። ጆንግ ቾል በቻይንኛም ብዙ ጽፏል፤ ስሙን ያስጠሩት ግን በሕዝቡ ቋንቋ የገጠማቸው ናቸው።

የጋንግዎን አገረ ገዥ በሆነ ጊዜ፣ ሕዝቡን ለመምከር ሲጆ በሚባለው ባለ ሦስት መስመር አጭር ግጥም 16 ግጥሞችን አዘጋጀ። ወላጅን ስለ ማክበር፣ ስለ ባልና ሚስት፣ ስለ ጎረቤት፣ ሸክም ስለ ከበደው ሽማግሌ የሚናገሩ ናቸው። አዋጅ ቢያስነግር ኖሮ የሚረሳውን ቃል ገበሬው እንዲያዜመው አደረገ። በዚያው ዓመት የግምጋንግን ተራሮችና የምሥራቁን ባሕር ዳርቻ እየተዘዋወረ ያየውን «ግዋንዶንግ ብዮልጎክ» በተባለ ረጅም ግጥም ገለጸ። የዚህ ግጥም ዓይነት ጋሳ ይባላል፤ ርዝመቱ ያልተወሰነ፣ እያንዳንዱም ስንኝ በአራት ምት የሚሄድ ነው።

ከ1575 ጀምሮ ሹማምንቱ የምሥራቅና የምዕራብ ወገን ተብለው ለሁለት ተከፍለው ነበር። የምዕራቡ ወገን ግንባር ቀደም የነበረው ጆንግ ቾል በ1585 በተቀናቃኞቹ ክስ ምክንያት ሹመቱን ትቶ ወደ ቻንግፕዮንግ ተመለሰ። «ሳሚኢንጎክ» እና «ሶክሚኢንጎክ» የተባሉትን ግጥሞች የጻፈው በዚያ በቆየባቸው ዓመታት ነው። በሁለቱም የምትናገረው ከወዳጇ የተለየች ሴት ናት፤ ወዳጅ የተባለውም ንጉሥ ሶንጆ ነው። ገጣሚው ቅሬታውን በአቤቱታ ሳይሆን በናፍቆት አቀረበ። በ17ኛው መቶ ዓመት የነበረው ደራሲ ኪም ማንጁንግ እነዚህን ሦስት የጋሳ ግጥሞች ከአገሩ ጽሑፎች ሁሉ በላይ አድርጎ አወድሷቸዋል።

በ1589 ጆንግ ዮሪፕ የተባለ የጆላ ሰው በንጉሡ ላይ አሢሯል ተብሎ ተከሰሰ። ተከሳሹ ለፍርድ ሳይቀርብ ስለ ሞተ፣ ምርመራው ወደ ወዳጆቹና ደብዳቤ ወደ ተጻጻፉት ሰዎች ዞረ፤ ከእነዚህም አብዛኞቹ የምሥራቅ ወገን ነበሩ። ንጉሡ የምርመራው መሪ አድርጎ የሾመው ጆንግ ቾልን ነበር። የተቀናቃኞቹን ጉዳይ እንዲመረምር የተመረጠው ራሱ ባለጋራቸው ነበር ማለት ነው። ጉዳዩ እስከ 1591 ሲቆይ ወደ 1,000 የሚጠጉ ሰዎች እንደ ጠፉበት ይነገራል። ዪ ባል የተባለው ሹም በድብደባ ሞተ፤ አሮጊት እናቱና ሕፃን ልጁም እንዲሁ። ደጋፊዎቹ ነገሩን ያከረረው ንጉሡ ነው፣ እርሱ አንዳንዶቹን ለማዳን ሞክሯል ይላሉ፤ ከሳሾቹ ደግሞ ቂሙን ተወጣበት ይላሉ። ታሪክ ጸሓፊዎች ዛሬም በዚህ ይከራከራሉ።

ጆንግ ቾል የናፈቀው ንጉሥ ለእርሱም አልሆነለትም። በ1591 አልጋ ወራሽ ይሰየም ብሎ ሐሳብ በማቅረቡ ተቆጥቶ ሻረው፤ ወደ ሰሜንም ወደ ጋንግግዬ አጋዘው። በ1592 የጃፓን ጦር አገሪቱን በወረረ ጊዜ ከግዞት ተጠርቶ፣ በ1593 ወደ ቻይና ተልኮ ነበር። ከዚያ ሲመለስ ግን እንደ ገና ተከሰሰና ሥራውን ለቆ በጋንግሁዋ ደሴት ብዙም ሳይቆይ ሞተ። ከሞተም በኋላ ወገኖቹ ሲወድቁ ማዕረጉ ይገፈፍ፣ ሲነሡ ይመለስለት ነበር።

በቻንግፕዮንግ አቅራቢያ፣ በዳምያንግ፣ ዛሬ በብዕር ስሙ የተሰየመ ሰቀላ አለ፤ የጋሳ ሥነ ጽሑፍ ቤተ መዘክርም በ2000 በዚያው ተከፍቷል። የዪ ባል ዘር ሴቶች ግን ሥጋ በሚከትፉበት ጊዜ የጆንግ ቾልን ስም እየጠሩ ይከትፉ ነበር ይባላል። ሁለቱም መታሰቢያዎች የእርሱ ናቸው። የግጥሙ ውበት የምርመራውን ደም አያጥብም፤ የምርመራውም ደም ግጥሙን ሐሰት አያደርገውም። ባለጋራው የሚዳኝበትን መንበር እምቢ ማለት ይችል ኖሮ እንደ ሆነ አናውቅም፤ እንዲህ ያለው መንበር ሲቀርብልን ግን መጠየቅ የሚገባን ጥያቄ ይኸው ነው።