የቡና ምድር ሴቶችና የዘፈን ቃል

በአማርኛ ዘፈን «እኔ» የሚለው ሰው ወንድ ይሁን ሴት ብዙ ጊዜ ከቃሉ አይለይም፤ «አንተ» ወይም «አንቺ» ሲል ግን ተወዳጁ ማን እንደሆነ ወዲያው ይታወቃል። ስለዚህም የወንድን የፍቅር ዘፈን የሴት ለማድረግ የግሱን መድረሻ መለወጥ በአብዛኛው ይበቃል። ጥያቄው ግን ከሰዋስው ያልፋል። ዘፋኟ «አንተ» ስትል የምትገልጸው የራሷን ስሜት ነው ወይስ ወንድ ገጣሚ ያቀበላትን?

የመድረክ ታሪካችን ለዚህ ምስክር ነው። በዘመናዊው ቴአትራችን የመጀመሪያ ዓመታት የሴት ገጸ ባሕርይ የሚጫወቱት የሴት ልብስ የለበሱ ወንዶች ነበሩ። በ1940ዎቹ ዓ.ም. አስናቀች ወርቁ ከቀዳሚዎቹ ሴት ተዋናዮች አንዷ ሆና ብቅ አለች፤ ክራሯንም ራሷ እየደረደረች አዜመች። «አዝማሪ» የሚለው ቃል እንደ ስድብ በሚወረወርበት ዘመን ይህ ቀላል ድፍረት አልነበረም። በ2004 ዓ.ም. ስታርፍ ብዙዎች በከፈተችው በር ገብተው ነበር።

በሚዛን ተፈሪና በቴፒ ዙሪያ ያለው ታሪክ ግን ሌላ ሸክም አለበት። በ1889 ዓ.ም. የከፋ መንግሥት ከወደቀ በኋላ ባሪያ ፈንጋዮች የቤንችንና የማጂን መንደሮች አራቆቱ። ባርነትን የሚሽረው አዋጅ በነሐሴ 1934 ዓ.ም. እስኪታወጅ ድረስ ስንቷ ሴት ተሸጣ ቋንቋዋን ከማይሰማ ቤት ገብታለች! የሚሰማት ያጣች ሴት ዜማዋን ለማን ታወርሳለች? የጠፋው ጉልበት ብቻ ሳይሆን ቅርስም ነው።

ከ1966 ዓ.ም. ለውጥ በኋላ የኪነት ቡድኖች በየአውራጃው ሲቋቋሙ ልጃገረዶች ከወንዶች እኩል መድረክ ወጡ። በ1971 ዓ.ም. የተጀመረው የመሠረተ ትምህርት ዘመቻም ቀስ በቀስ 15 ቋንቋዎችን ሲያዳርስ ከፋ-ሞቻ ከእነርሱ አንዱ ሆነ፤ ቤንች፣ ሸኮና ማጃንግ ግን አልተካተቱም። የኪነቱም መዝሙር ሴቲቱን ታጋይና እናት አድርጎ አወደሳት እንጂ ፍቅሯን፣ ቅናቷን፣ እምቢታዋን በራሷ አንደበት እንድትናገር ብዙ ቦታ አልሰጣትም። ቀድሞ ውበቷን ብቻ ያየ ዘፈን ነበር፤ ኋላ ደግሞ ተግባሯን ብቻ ያየ መጣ። በሁለቱም ውስጥ እርሷ የምትነገር እንጂ የምትናገር አልነበረችም።

ዛሬም በበበቃና በቴፒ እርሻዎች ቀይ ፍሬ የሚለቅሙት እጆች በአብዛኛው የሴቶች ናቸው፤ ቡናውን ቆልታ፣ ወቅጣ፣ አፍልታ የምታቀርበውም ሴት ናት። ከለቀማው መልስ በጀበናው ዙሪያ የሚወጣው ቃል በማንም ገጣሚ አልተሰፈረም። የአካባቢው መምህራንና የሚዛን ቴፒ ዩኒቨርሲቲ ምሁራን በቤንችኛ፣ በሸክኛና በማጃንግኛ የሚዜመውን የሴቶች ዜማ፣ ከነባለቤቶቹ ፈቃድና ከነስማቸው፣ በድምፅ ቢቀርጹ የባህል ታሪካችን የጎደለውን ግማሽ ያገኛል። አሮጊቶቹ ግን ለዘላለም አይጠብቁም።