በ125 ዶላር የተቀረጸው ሸክላ

ሜይ 3 ቀን 1952 (ዘመኑ ሁሉ እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር ነው) ናሽቪል፣ ቱሌን ሆቴል ውስጥ ወዳለው ካስል ስቱዲዮ የገባችው ሴት ዝና ፍለጋ አልመጣችም። የመድረክ ስሟ ኪቲ ዌልስ ነው፤ ባሏ ጆኒ ራይት ከአንድ የጥንት ዘፈን ወስዶ ያወጣላት ነው እንጂ ቤተሰቦቿ የሚያውቋት ሚዩሪየል ዲሰን በሚለው ስም ነበር። ዕድሜዋ 32፣ የሦስት ልጆች እናት። ቀደም ሲል ለአርሲኤ ቪክቶር ያስቀረጸቻቸው ሸክላዎች ገበያ አላገኙም። አሁን ዴካ ኩባንያ የሰጣትንም ዘፈን እምብዛም አልወደደችውም። ቢሆንም ለቀረጻው የሚከፈለው 125 ዶላር አይቀርም ብላ ተስማማች።

ዘፈኑ የመልስ ዘፈን ነው። በዚያ ዓመት የሀንክ ቶምሰን «ዘ ዋይልድ ሳይድ ኦፍ ላይፍ» በካንትሪ ሙዚቃ ሰንጠረዥ ለ15 ሳምንት አንደኛ ሆኖ ነበር፤ ወንዱ ትታው የሄደችውን፣ የመጠጥ ቤት ኑሮ የመረጠችውን ሴት ይወቅሳል። የሉዊዚያናው ጄ ዲ ሚለር በሴት አንደበት መልሱን ጻፈ፦ ሚስት እያላቸው ላጤ መስለው የሚዞሩት ወንዶችስ? «ኢት ዋዝንት ጎድ ሁ ሜድ ሆንኪ ቶንክ ኤንጀልስ» ማለት የመጠጥ ቤቶቹን «መላእክት» የፈጠራቸው እግዚአብሔር አይደለም እንደ ማለት ነው። ዜማው ግን አዲስ አልነበረም። የካርተር ቤተሰብም ሮይ ኤከፍም ቀድመው የዘፈኑበት፣ ቶምሰንም የተጠቀመበት የቆየ ዜማ ነው፤ ስለዚህ አድማጩ ክሱንም መልሱንም በአንድ ዜማ ሰማ። ለእኔ የዘፈኑ ግማሽ ጉልበት እዚህ ላይ ነው።

የኤንቢሲ ሬዲዮ ዘፈኑን ከለከለ። የናሽቪሉ የካንትሪ ሙዚቃ የሬዲዮ ትርኢት ግራንድ ኦል ኦፕሪም መጀመሪያ ላይ በመድረኩ እንዳይዘፈን አገደ። እገዳው ለምን እንዳልሠራ ለመረዳት የጊዜውን ሰንጠረዥ ማየት ይበቃል። ቢልቦርድ የካንትሪን ገበያ በሦስት መንገድ ይለካ ነበር፦ በሱቅ የተሸጠው፣ የሬዲዮ አቅራቢዎች ያጫወቱት፣ በጁክቦክስ የተሰማው። ሬዲዮው በሩን ቢዘጋ ሌሎቹ ሁለቱ ክፍት ናቸው፤ ሳንቲም ጎርሶ የሚዘፍነው ሣጥን ደግሞ የሚገኘው ዘፈኑ በሚያወራበት በዚያው መጠጥ ቤት ነው። በኦገስት መጨረሻ ዘፈኑ አንደኛ ወጣ፤ ለ6 ሳምንትም ቆየ። በፖፕ ሰንጠረዥ እንኳ 27ኛ ደረጃ ደርሷል።

ዌልስ በካንትሪ ሰንጠረዥ አንደኛ የወጣች «የመጀመሪያዋ ሴት» ናት ሲባል ግን ጥንቃቄ ይሻል። ማርጋሬት ዋይቲንግ በ1949 ከጂሚ ዌክሊ ጋር በቅብብሎሽ ዘፍና አንደኛ ሆናለች፤ ዌልስ የመጀመሪያዋ የሆነችው ብቻዋን በመዝፈን ነው። የካንትሪ ሰንጠረዡ ራሱ በ1944 የተጀመረ በመሆኑ፣ በ1935 ዝነኛ ሸክላ ያወጣችው ፓትሲ ሞንታና የምትለካበት ሚዛን አልነበራትም። ይህን ሁሉ ቀንሰንም የሚቀረው ትልቅ ነው፤ ሴት ብቻዋን ሸክላ አትሸጥም የሚለው የነጋዴዎች እምነት በስድስት ሳምንት ፈረሰ።

ዘፈኑን ያገደው ግራንድ ኦል ኦፕሪ በዚያው በ1952 ኪቲ ዌልስን አባል አደረጋት።