ሐሊም ኤል-ዳብህና የአዳማጩ ጆሮ



የሙዚቃ ታሪካችን ሲጻፍ የሚነገረው ስለ ደረሱትና ስላዜሙት ሰዎች ነው፤ ያዳመጠው ሰው ከታሪኩ ውጭ ይቀራል። ዛሬ የማነሣው የአዳማጩን ጆሮ የሥራው ዋና ጉዳይ ያደረገ አንድ ግብጻዊ ነው። እ.ኤ.አ. በ1963 በአዲስ አበባ ኦርኬስትራ ኢትዮጵያን ያቋቋመው ሐሊም ኤል-ዳብህ።

ኤል-ዳብህ እ.ኤ.አ. በ1921 ካይሮ ተወለደ። የተማረው የግብርና ምሕንድስና ስለነበር ሥራው ወደ ገጠር መንደሮች ይወስደው ነበር፤ የባላገሩንም ዜማ እዚያው ሰማ። እ.ኤ.አ. በ1944 ድምፅን በቀጭን የብረት ሽቦ ላይ የሚቀዳ መሣሪያ ከራዲዮ ጣቢያ ተውሶ፣ ሴቶች በዛር ሥርዓት ላይ ሲያዜሙ ቀዳ። (ዛር ለእኛ ባዕድ ቃል አይደለም፤ የሥርዓቱን ምንጭ ከኢትዮጵያ ጋር የሚያያይዙ ተመራማሪዎች ብዙ ናቸው።) እኔን የሚያስደንቀኝ ከቀዳ በኋላ ያደረገው ነው። መሠረታዊውን ድምፅ እየቀነሰ በላዩ የሚያንዣብቡትን ረቂቅ ድምፆች አስቀረ፤ የገደል ማሚቶም ጨመረበት። ቃሉ ጠፋ፣ ዜማው ደበዘዘ፣ ከሩቅ የሚመጣ የሚመስል ንዝረት ቀረ። ፈረንሳዊው ፒየር ሼፈር ተመሳሳይ ሥራዎቹን ያሰማው ከ4 ዓመት በኋላ ነው፤ ታሪኩ ግን ለረጅም ጊዜ ከፓሪስ እየተጀመረ ሲተረክ ኖሯል።

ኤል-ዳብህ በኒውዮርክ በኮሎምቢያ-ፕሪንስተን የኤሌክትሮኒክ ሙዚቃ ማዕከል ከሠራ በኋላ፣ እ.ኤ.አ. ከ1962 እስከ 1964 በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዩኒቨርሲቲ አስተማረ። እዚህ የጠበቀው በገና ነው። በገና 10 አውታር አለው፤ አውታሩ ድልድዩን በሚነካበት ቦታ እንዚራ የምንለው ቁራጭ ቆዳ ይገባል። አውታሩ ሲርገበገብ ቆዳውን እየነካ ስለሚነዝር፣ የሚሰማው ጥርት ያለ አንድ ድምፅ ሳይሆን በረቂቅ ድምፆች የተሞላ ጉምጉምታ ነው። በካይሮ በማሽን የተፈለገውን የእኛ ባለበገና በቁራጭ ቆዳ ሲያገኘው ኖሯል። ይህ የእኔ ንባብ ነው፤ እርሱ ብሎታል አልልም።

ኦርኬስትራው ክራርን፣ መሰንቆን፣ ዋሽንትን፣ በገናን፣ እምቢልታንና ከበሮን በአንድ መድረክ አሰባሰበ። ነገሩ ቀላል አልነበረም። ክራር በዘፋኙ ድምፅ ልክ ይቃኛል፤ የዋሽንት ድምፅ ግን በርዝመቱ የተወሰነ ስለሆነ ነፊው የተለያየ ርዝመት ያላቸውን ይዞ ይዞራል። አብሮ ለመጫወት አንዱ ለሌላው መገዛት ነበረበት።

ከዚህ የሚበልጠው ለውጥ በአዳማጩ ላይ የደረሰው ነው። በቢቸናና በሞጣ ገጠር ዋሽንት የእረኛ ነው፤ ብዙ ጊዜም የሚሰማው ከማዶ ነው። ነፋሱና ርቀቱ የዜማው አካል ናቸው። አዝማሪ ባለበት ደግሞ አዳማጩ ግጥም እየነገረ ያቀብላል፤ ሰሙን ሰምቶ ወርቁን ካላገኘ አዳማጭ አይባልም። የዲማ ጊዮርጊስ የቅኔ ተማሪም አንዴ በጆሮው ባለፈ ቅኔ ላይ ይህንኑ ያደርጋል። የመድረኩ ታዳሚ ግን በወንበሩ ላይ ዝም ብሎ ይቀመጣል። አዝማሪን ሲንቅ የኖረ የከተማ ሰው ትኬት ቆርጦ በጸጥታ ማዳመጡ ትልቅ ነገር ነበር፤ አልክድም። ሆኖም ያ አዳማጭ ተቀባይ ብቻ ሆነ። ኤል-ዳብህ በካይሮ ጆሮን እንዲሠራ አስገድዶት ነበር፤ የኦርኬስትራው ወንበር ግን ሲሠራ የኖረውን ጆሮ አሳረፈው ባይ ነኝ።

እርሱ ከሄደ በኋላ ቡድኑን አሜሪካዊው ቻርልስ ሳተንና ተስፋዬ ለማ አስቀጠሉት፤ እ.ኤ.አ. በ1969 ብሉ ናይል ግሩፕ በሚል ስም አሜሪካን ዞረ። በደርግ ዘመን መጀመሪያ ተበተነ። የካይሮው የዛር ሥራ በሲዲ ታትሞ የወጣው እ.ኤ.አ. በ2000 ሲሆን፣ የምናገኘውም ሁለት ደቂቃ ያህል ብቻ ነው።

ለመስክ ሥራ ወደ ቢቸናና ሞጣ የምትሄዱ ተማሪዎች፣ ዋሽንት ስትቀዱ አንዱን ማይክሮፎን ከነፊው አጠገብ፣ ሌላውን ከማዶው ተረተር ላይ አኑሩ። ሁለቱን ቅጂዎች በሴሚናሩ ጎን ለጎን እናዳምጣቸዋለን።