ከጣርማ በር በታች፦ ምስላችን የማን ነው?



ከአዲስ አበባ ወደ ደሴ የሚጓዝ ሰው የጣርማ በርን ዋሻና ደብረ ሲናን አልፎ ወደ ቀወት ቆላ ይወርዳል። እኔም በዚህ መንገድ ሸዋ ሮቢት በደረስሁ ቁጥር አንድ ጥያቄ ይመላለስብኛል፤ ይህ መንገድ ያየውን ታሪክ በፊልም የያዘው ማን ነው?

በሚያዝያ 1928 ዓ.ም. የባዶልዮ ሠራዊት ከደሴ ተነሥቶ በይፋት በኩል ወደ አዲስ አበባ ዘመተ። በዚያ ጦርነት የወራሪው ካሜራ ከጦሩ አልተለየም፤ የተቀረጸው ፊልምም ሮም በሚገኘው በሉቼ ተቋም ተከማችቷል። የወጋ ቢረሳ የተወጋ አይረሳም እንላለን፤ ምስሉ ግን በወጊው እጅ ቀርቷል።

በጥቅምት 1966 ዓ.ም. እንግሊዛዊው ጋዜጠኛ ጆናታን ዲምብልቢ የወሎን ረሀብ ለዓለም አሳየ። ሥራው የሚመሰገን ነበር። ይሁንና ደርግ ያንኑ ፊልም ከቤተ መንግሥት ድግስ ጋር አቀላቅሎ መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም. በቴሌቪዥን አቀረበው፤ በማግሥቱም ንጉሠ ነገሥቱ ከዙፋናቸው ወረዱ። የራሱ ካሜራ የሌለው ሕዝብ ረሀቡ ሳይቀር የሌላ ሰው መሣሪያ እንደሚሆን ከዚህ የበለጠ ማስረጃ አለን?

የፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማን ሕይወት የማነሣውም በዚህ ምክንያት ነው። ኃይሌ በ1938 ዓ.ም. ጎንደር ተወለዱ፤ አባታቸው «ጎንደሬ በጋሻው» በሚል ርእስ ስለ አርበኞች የጻፉት ገሪማ ታፈረ ናቸው። በሎስ አንጀለስ ፊልም እየተማሩ ሳለ በአብዮቱ ወቅት ወደ አገር ቤት መጥተው «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት»ን በጥቁርና ነጭ ቀረጹ። ልብ ወለድ ቢሆንም ገበሬዎቹ በራሳቸው ቋንቋ የሚናገሩበት ፊልም ነው። እ.ኤ.አ. በ1993 «ሳንኮፋ»ን ሲጨርሱ የአሜሪካ አከፋፋዮች ፊት ነሷቸው፤ እሳቸውም አዳራሽ እየተከራዩ ከከተማ ከተማ አሳዩት። እንጀራቸው በሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ማስተማር ነበርና ለአከፋፋይ ብለው ፊልማቸውን አልለወጡም።

እ.ኤ.አ. በ1999 «አድዋ» የተሰኘውን ዘጋቢ ፊልም ሲሠሩ ደግሞ የ1888ቱን ጦርነት የሚያሳይ ተንቀሳቃሽ ምስል አልነበረም። ስለዚህ ሥዕልን፣ ዘፈንን፣ መልክዓ ምድርንና የአረጋውያንን ትውስታ ማስረጃ አደረጉ። ለእኔ ከሥራዎቻቸው ሁሉ ትልቁ ትምህርት ይህ ነው፤ መዝገብ ቤት የሌለው ሕዝብ መዝገቡ ሰው ነው።

ሰው ግን ይሞታል። የባዶልዮን ጦር በዓይናቸው ያዩ የይፋት ሽማግሌዎች ዛሬ የሉም ማለት ይቻላል፤ የ1966ቱን ረሀብ ያዩት ግን ገና በመካከላችን አሉ። ዛሬ በየኪሳችን ያለው ስልክ ኃይሌ በወጣትነታቸው ያላገኙት ካሜራ ነው። ታዲያ መንግሥትን ወይስ ረጂ ድርጅትን ነው የምንጠብቀው? ይህን ጽሑፍ ያነበባችሁ ሁሉ ወደ አገር ቤት ስትሄዱ ከአንድ አረጋዊ ፊት ተቀምጣችሁ ጠይቁ፣ ቅረጹም፤ ሌላው ቀርጾ እስኪሸጥልን ድረስ አንጠብቅ።

ቸር እንሰንብት።